በራሱ ላይ የመሰከረ የታሪክ ጸሐፊ
የአቡነ በርተሎሜዎስ ዴ ላስ ካሳስ ሕይወትና ሥራ (ከ1484 እስከ 1566 ዓ.ም.)

ስለ ሰው ልጅ ክብርና መብት በሚነገርበት ጊዜ ብዙዎቻችን ነገሩን ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ መንግሥታት ተሰብስበው የደነገጉት የቅርብ ጊዜ ሐሳብ አድርገን እንቆጥረዋለን። በእርግጥም የሰብአዊ መብቶች ዓለም አቀፍ መግለጫ የወጣው በ1948 ዓ.ም. ነው። ይሁን እንጂ ከዚያ አራት መቶ ዓመታት ቀደም ብሎ አንድ ካህን የተገፉ ሕዝቦችን መብት ይዞ በነገሥታትና በሊቃውንት ፊት ቆሞ ይሟገት፣ የደረሰባቸውንም በደል ለሚመጣው ትውልድ በታሪክ መጽሐፍ ይመዘግብ ነበር። ይህ ሰው በርተሎሜዎስ ዴ ላስ ካሳስ ይባላል። ሕይወቱን ለትምህርታችን ይበልጥ ጠቃሚ የሚያደርገው ግን ከመጀመሪያው ጻድቅ ሆኖ ያልተነሣ መሆኑ ነው። ሌሎችን ከመክሰሱ በፊት እርሱ ራሱ የበደሉ ተካፋይ ነበር፤ ይህንንም አልደበቀም። በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ልጅነቱና ወደ አዲሱ ዓለም መሻገሩ

በርተሎሜዎስ በ1484 ዓ.ም. በስፔን አገር በሴቪሊያ ከተማ ከነጋዴ ቤተሰብ ተወለደ። በ1493 ዓ.ም. በሆሳዕና ሰሞን ክሪስቶፎር ኮሎምበስ ከመጀመሪያው ጉዞው ተመልሶ ወደ ከተማይቱ ሲገባ፣ ከባሕር ማዶ ያመጣቸውን ሰባት ሰዎችና ላባቸው ያማረ በቀቀኖች ሕፃኑ በርተሎሜዎስ ቆሞ ተመልክቷል። በዚያው ዓመት አባቱ ፔድሮ ከኮሎምበስ ጋር በሁለተኛው ጉዞ ተሳፈረ። ከጥቂት ዓመታት በኋላም ሲመለስ አንድ የዚያ አገር ወጣት ለልጁ አገልጋይ እንዲሆን ይዞለት መጣ። ንግሥት ኢሳቤላ ግን ተገዥዎቿ ያለ ፈቃዷ በባርነት መከፋፈላቸውን ባለመውደዷ ወጣቱ በ1500 ዓ.ም. ወደ ትውልድ አገሩ እንዲመለስ ተደረገ። በርተሎሜዎስ ሰውን እንደ ስጦታ ዕቃ መቀበልን የተማረው እንግዲህ ገና በአፍላ ዕድሜው ነበር።

በ1502 ዓ.ም. ከአገረ ገዢው ከኒኮላስ ዴ ኦቫንዶ መርከቦች ጋር ወደ ሂስፓኞላ ደሴት ተሻገረ። ይህች ደሴት ዛሬ ሃይቲና ዶሚኒካን ሪፐብሊክ የሚባሉት ሁለት አገሮች የሚገኙባት ናት። በዚያ ዘመን በደሴቲቱ ኤንኮሚዬንዳ የሚባል ሥርዓት ተዘርግቶ ነበር። የቃሉ ትርጉም አደራ ማለት ነው። የመንግሥት ሹም ለአንድ ስፓኛዊ የተወሰኑ ተወላጆችን በአደራ ይሰጠዋል፤ ስፓኛዊው ሃይማኖት ሊያስተምራቸውና ሊጠብቃቸው፣ እነርሱ ደግሞ በጉልበታቸው ሊያገለግሉት ነው። በተግባር ግን አደራው ስም ብቻ ሆኖ ቀረ። ሰዎቹ ከቤታቸውና ከእርሻቸው ተነቅለው በወርቅ ማዕድን ጉድጓድና በእርሻ ቦታ እስከ ሞት ድረስ ይሠሩ ነበር። ወጣቱ በርተሎሜዎስም እንደ ሌሎቹ መሬትና የጉልበት ሠራተኞች አገኘ። በኋላም ምስጢረ ክህነትን ተቀበለ፤ ነገር ግን ካህን ሆኖም ጌትነቱን አልተወም። በሠራተኞቹ ላይ ጨካኝ እንዳልነበረ ይነገራል፤ ሆኖም ቸር ጌታም ቢሆን ጌታ ነው።

የአንድ እሑድ ስብከት

በ1510 ዓ.ም. የቅዱስ ዶሚኒኮስ ልጆች የሆኑ ጥቂት መነኮሳት ወደ ሂስፓኞላ መጡ። በአለቃቸው በፔድሮ ዴ ኮርዶባ መሪነት በድህነት እየኖሩ የሚሆነውን ሁሉ አስተዋሉ፤ ከተመካከሩም በኋላ አንድ ስብከት በጋራ አዘጋጅተው ሁሉም ፈረሙበት። በ1511 ዓ.ም. ከልደት በዓል በፊት ባለው እሑድ አንቶኒዮ ዴ ሞንቴሲኖስ የተባለው መነኩሴ በሳንቶ ዶሚንጎ ቤተ ክርስቲያን ሰበከ። በምድረ በዳ ስለሚጮኸው ድምፅ የሚናገረውን ወንጌል መሠረት አድርጎ፣ ተወላጆቹ ነፍስ ያላቸው ሰዎች መሆናቸውን፣ እነርሱን በባርነት የሚገዛም በሟች ኃጢአት ውስጥ እንደሚኖር በግልጽ አስተማረ። ከአድማጮቹ መካከል የኮሎምበስ ልጅ አገረ ገዢው ዲዬጎ ይገኝ ነበር። ሹማምንቱ ተቆጥተው ቃሉን እንዲያነሣ ቢጠይቁም፣ ሞንቴሲኖስ በሚቀጥለው እሑድ ያንኑ ትምህርት በበለጠ ማስረጃ አጸናው። የገዳሙ መነኮሳትም ሰዎች በባርነት ለያዘ ሁሉ የኃጢአት ስርየት እንዳይሰጥ ወሰኑ።

አባ በርተሎሜዎስ በዚያን ጊዜ ከአንድ የዶሚኒካውያን ካህን ዘንድ ለኑዛዜ ቀርቦ፣ ተወላጆችን ይዞ በመገኘቱ ስርየት ተከለከለ። እርሱም ተከራከረ፤ በክርክሩ ተሸንፎም እንኳ ሠራተኞቹን አልለቀቀም። ይህን ታሪክ የምናውቀው ከሌላ ሰው ሳይሆን ከራሱ መጽሐፍ ነው።

በመጽሐፈ ሲራክ ፊት

በ1513 ዓ.ም. ስፓኛውያን ኩባን ለመያዝ በዘመቱ ጊዜ አባ በርተሎሜዎስ ከሠራዊቱ ጋር የነፍስ አባት ሆኖ ሄደ። ካኦናኦ በተባለች መንደር ሕዝቡ ለእንግዶቹ ምግብ አቅርቦ ቁጭ ብሎ ሲመለከት፣ ወታደሮቹ ያለ ምንም ምክንያት ሰይፋቸውን መዝዘው ወንዱንም ሴቱንም ሕፃኑንም ሽማግሌውንም ፈጁ። ካህኑ እየሮጠ ቢለምንም ሊያስቆማቸው አልቻለም። ያየው ሁሉ በልቡ ቀረ። ያም ሆኖ ዘመቻው ሲያበቃ በኩባ ከጓደኛው ከፔድሮ ዴ ሬንቴሪያ ጋር በሽርክና ለም መሬትና ብዙ ሠራተኞች ተሰጡት፤ እርሱም ተቀበለ።

ለውጡ የመጣው በ1514 ዓ.ም. ነው። ለጰራቅሊጦስ በዓል ስብከት ሲያዘጋጅ ከመጽሐፈ ሲራክ ምዕራፍ 34 ላይ ደረሰ። በዚያም በግፍ ከተገኘ ሀብት የሚቀርብ መሥዋዕት በእግዚአብሔር ዘንድ ተቀባይነት እንደሌለው፣ የድሆችን እንጀራ የሚነጥቅም እንደ ነፍሰ ገዳይ እንደሚቆጠር ተጽፏል። ካህኑ ይህን ቃል ከዚህ በፊት ሳያነበው አልቀረም፤ በዚያን ቀን ግን ቃሉ እርሱን አነበበው። በየዕለቱ በመንበረ ታቦት ላይ የሚያቀርበው ኅብስት ከማን ጉልበት የተገኘ እንደሆነ አሰበ። ለብዙ ቀናትም ጉዳዩን ሲያወጣና ሲያወርድ ከቆየ በኋላ፣ ሠራተኞቹን ይዞ ስለ ፍትሕ መስበክ እንደማይቻል ወሰነ። በነሐሴ 15 ቀን በእመቤታችን ፍልሰታ በዓል በሳንክቲ ስፒሪቱስ ምእመናን ፊት ቆሞ ሠራተኞቹን መልቀቁን አስታወቀ፤ የሚሰሙትም እንዲሁ ያደርጉ ዘንድ ለመናቸው። ሰዎቹ ተደነቁ፤ ሆኖም አልተከተሉትም። ጓደኛው ሬንቴሪያ ግን በዚያው ጊዜ በሌላ ደሴት ሳለ ስለ ተወላጆቹ ተመሳሳይ ሐሳብ በልቡ ተፀንሶ ስለ ነበር የአባ በርተሎሜዎስን ውሳኔ በደስታ ተቀበለ።

ድካምና ስሕተት

በ1515 ዓ.ም. ወደ ስፔን ተመልሶ ንጉሥ ፈርዲናንድን አነጋገረ፤ ንጉሡ ግን ብዙም ሳይቆይ ዐረፈ። እንደራሴው ብፁዕ ካርዲናል ሲስኔሮስ አቤቱታውን ሰምቶ በ1516 ዓ.ም. የተወላጆች ጠበቃ የሚል ሹመት ሰጠው። ከዚህ ጊዜ አንሥቶ ባሕሩን ደጋግሞ እየተሻገረ በቤተ መንግሥት ደጅ መጥናት ሥራው ሆነ።

በዚህ ጊዜ ግን ከባድ ስሕተት ፈጸመ። ተወላጆቹ ከማዕድኑ ሥራ እንዲያርፉ ለማድረግ ሲል፣ በምትካቸው ከአፍሪካ የተገዙ ባሮች ወደ ደሴቶቹ እንዲገቡ በ1516 እና በ1518 ዓ.ም. ባቀረባቸው የመፍትሔ ሐሳቦች ውስጥ ጻፈ። የአፍሪካውያንን ንግድ የጀመረው እርሱ አይደለም፤ ባሮች ከዚያ ቀደም ብለው ወደ ሂስፓኞላ ይወሰዱ ነበር። በ1518 ዓ.ም. ለአንድ የንጉሡ ባለሟል 4,000 አፍሪካውያንን የማስገባት ፈቃድ ሲሰጥም ከበስተጀርባው የብዙ ሰዎች ጥቅም ነበረበት። ይሁን እንጂ የእርሱም ቃል በሚዛኑ ላይ ተጨምሯል። የአንዱን ወንድም ቀንበር ለማቅለል በሌላው ወንድም ጫንቃ ላይ መጫን ፍትሕ እንዳልሆነ ያን ጊዜ አላስተዋለም።

ሌላም ሽንፈት ደረሰበት። ያለ ጦር መሣሪያ ገበሬዎችን በማስፈር ብቻ ከተወላጆች ጋር በሰላም መኖር እንደሚቻል ለማሳየት በዛሬዋ ቬኔዝዌላ ጠረፍ በኩማና አንድ ሰፈራ ጀመረ። ነገር ግን ሰው አዳኝ የሆኑ ስፓኛውያን አካባቢውን በመድፈራቸው ሕዝቡ ተነሥቶ ሰፈራውን አጠፋው። አባ በርተሎሜዎስ በሐዘን ተሰብሮ በ1522 ዓ.ም. ወደ ዶሚኒካውያን ማኅበር ገባ። ቀድሞ ስርየት የከለከሉት ወንድሞች አሁን ልብሰ ምንኩስናን አለበሱት። ለብዙ ዓመታትም በጸጥታ ሕግንና ነገረ መለኮትን አጠና፤ በ1527 ዓ.ም. ገደማም የሕንድ አገሮች ታሪክ የሚባለውን ታላቅ ሥራውን መጻፍ ጀመረ።

አንዱ የጥሪ መንገድ

በ1530ዎቹ ዓመታት ሕዝቦችን ሁሉ ወደ እውነተኛው ሃይማኖት ስለ መጥሪያው ብቸኛ መንገድ የሚናገር መጽሐፍ በላቲን ቋንቋ ጻፈ። ከመጽሐፉ ወደ እኛ የደረሰው ክፍሉ ብቻ ነው፤ ሐሳቡ ግን የተሟላ ነው። እግዚአብሔር ሰውን አእምሮና ፈቃድ ያለው አድርጎ ስለ ፈጠረው፣ አእምሮ በምክንያት ይረታል፣ ፈቃድም በየዋህነት ይሳባል እንጂ በሰይፍ አይገደድም። ጦርነት ሰውን ያስፈራዋል፣ ይቅርታንም ያስጠላዋል፤ የሚሰበከውን ወንጌልም በመራራ ትዝታ ይበክለዋል። ስለዚህ በመጀመሪያ አስገብሮ ኋላ ማስተማር ይቻላል የሚለው ትምህርት ከክርስቶስና ከሐዋርያት መንገድ ውጪ ነው ይላል። አባ በርተሎሜዎስ ራስን መከላከልን አልነቀፈም፤ እንዲያውም የተወረሩት ሕዝቦች መብት እንዳላቸው አስተምሯል። የተቃወመው ሃይማኖትን ለማስፋፋት ተብሎ የሚካሄደውን ጦርነት ነው። ርእሰ ሊቃነ ጳጳሳት ጳውሎስ 3ኛም በ1537 ዓ.ም. ባወጣው ደብዳቤ ተወላጆቹ እውነተኛ ሰዎች መሆናቸውን፣ ገና ክርስቲያን ባይሆኑም ነፃነታቸውንና ንብረታቸውን መነጠቅ እንደሌለባቸው አወጀ።

ስፓኛውያን ግን መጽሐፉ መልካም ቢሆንም በሥራ ሊውል አይችልም ብለው ያፌዙበት ነበር። እርሱም በጓቴማላ የጦርነት ምድር እየተባለ የሚጠራውን፣ በጦር ያልተበገረውን የቱዙሉትላን አገር መረጠ። በ1537 ዓ.ም. ከአገረ ገዢው ጋር በተዋዋለው መሠረት ለአምስት ዓመት ያህል ከመነኮሳት በቀር አንድም ስፓኛዊ ወደዚያ እንዳይገባ ተወሰነ። መነኮሳቱ የሃይማኖትን ምስጢር በአገሩ ቋንቋ በመዝሙር አቀናብረው ወደዚያ ለሚመላለሱ ክርስቲያን ነጋዴዎች እንዳስጠኑ፣ የአገሩ አለቆችም መዝሙሩን ወደው መምህራኑን እንደጋበዙ በማኅበሩ ይተረካል። አገሩ በኋላ ቬራፓስ፣ ማለት እውነተኛ ሰላም፣ ተብሎ ተሰየመ፤ እስከ ዛሬም በጓቴማላ ሁለት አውራጃዎች በዚህ ስም ይጠራሉ። ሥራው ያለ መከራ አልቀረም። በ1555 ዓ.ም. ከመነኮሳቱ አንዱ በአጎራባች ሕዝብ እጅ ተገድሏል። ቢሆንም ቱዙሉትላን ወንጌልን የሰማችው ከሰባክያን አፍ እንጂ ከወታደር አልነበረም።

በቺያፓስ መንበር

በ1542 ዓ.ም. አባ በርተሎሜዎስ በንጉሠ ነገሥቱ በካርሎስ 5ኛ ጉባኤ ፊት ያየውንና የሰማውን ግፍ ዘርዝሮ አቀረበ። በዚያው ዓመት በኅዳር ወር አዲሶቹ ሕጎች የሚባሉት ወጡ። ተወላጆችን ባሪያ ማድረግ ተከለከለ፤ የኤንኮሚዬንዳ ባለቤት ሲሞትም ሠራተኞቹ ወደ ወራሽ እንዳይተላለፉ ተደነገገ። ሕጉን በሥራ ለማዋል ይረዳ ዘንድ በ1544 ዓ.ም. በሴቪሊያ የቺያፓስ ጳጳስ ሆኖ ተቀባ።

ቺያፓስ ዛሬ በሜክሲኮ ደቡብ የሚገኝ ክፍለ ሀገር ነው። አቡነ በርተሎሜዎስ በ1545 ዓ.ም. ሀገረ ስብከቱ ደርሶ በዐቢይ ጾም ጊዜ ባሮቹን ያልለቀቀ ሁሉ የኃጢአት ስርየት እንዳያገኝ አዘዘ። ራሱ በወጣትነቱ የተከለከለውን ያንኑ ስርየት አሁን ጳጳስ ሆኖ ከለከለ። የከተማይቱ ሰዎች ታወኩ፤ ቤቱንም ከበው አስፈራሩት። ከሜክሲኮም እስከ ፔሩ ድረስ በተነሣው ተቃውሞ የተነሣ ንጉሠ ነገሥቱ የውርስ ክልከላውን በዚያው ዓመት ሻረ። ጳጳሱ ለተናዛዦችና ለነፍስ አባቶች አሥራ ሁለት ደንቦችን ጻፈ። የደንቦቹ ፍሬ ነገር በግፍ የወሰደ ሰው የወሰደውን ሳይመልስ ንስሐው ሙሉ አይሆንም የሚል ነው። በዚህም ምክንያት የንጉሥን ሥልጣን ይክዳል ተብሎ ተከሰሰ፤ የጽሑፉም ቅጂዎች እንዲሰበሰቡ ታዘዘ። በ1547 ዓ.ም. ወደ ስፔን ተመለሰ፤ ከዚያ በኋላ ሀገረ ስብከቱን ዳግመኛ አላየም፤ በ1550 ዓ.ም. መንበሩን ለቀቀ።

የቫያዶሊድ ክርክር

በ1550 ዓ.ም. ካርሎስ 5ኛ ነገሩ በሊቃውንት እስኪመረመር ድረስ አዳዲስ ወረራዎች እንዲቆሙ አዘዘ። በነሐሴ ወር በቫያዶሊድ ከተማ የሕግና የነገረ መለኮት ሊቃውንት ጉባኤ ተቀመጠ። በአንድ ወገን ታላቁ ሊቅ ሁዋን ሂኔስ ዴ ሴፑልቬዳ ቆመ፤ አንዳንድ ሕዝቦች በተፈጥሮአቸው ለመገዛት የተወለዱ ናቸው የሚለውን የአርስቶትልን ትምህርት መሠረት አድርጎ፣ ከስብከት በፊት በጦር ማስገበር ተገቢ መሆኑን ተከራከረ። ንግግሩ ሦስት ሰዓት ያህል ወሰደ። በሌላው ወገን ወደ ስድሳ ስድስት ዓመት የተጠጋው አቡነ በርተሎሜዎስ ቆሞ መልሱን ለአምስት ቀናት አነበበ። ሰው ሁሉ አንድ ዘር መሆኑን፣ ተወላጆቹም ከተማ የሠሩ፣ ሕግ ያወጡ፣ ልጆቻቸውን በሥርዓት የሚያሳድጉ ሕዝቦች መሆናቸውን አስረዳ። ሴፑልቬዳ ወደ አዲሱ ዓለም ፈጽሞ አልሄደም ነበር፤ ጳጳሱ ግን በዚያ አርባ ዓመታት በሚያህል ጊዜ ውስጥ በዐይኑ ያየውን ይናገር ነበር።

ጉባኤው በ1551 ዓ.ም. እንደገና ተሰብስቦ ያለ የጋራ ፍርድ ተበተነ። ሁለቱም ወገኖች ድሉ የእኛ ነው አሉ። ወረራውም ፈጽሞ አልቆመም። ሆኖም አንድ ኃያል መንግሥት በድል አድራጊነቱ መካከል ሳለ የድሉን ተገቢነት በአደባባይ እንዲመረምር መገደዱ ራሱ ትልቅ ነገር ነበር። በ1573 ዓ.ም. ዳግማዊ ፊልጶስ ባወጣው ደንብ ወረራ የሚለው ቃል እንኳ እንዳይነገር ታዘዘ፤ ምንም እንኳ ቃሉ ተለውጦ ድርጊቱ በብዙ ስፍራ ቢቀጥል።

የታሪክ ጸሐፊው ኑዛዜ

አቡነ በርተሎሜዎስ የመጨረሻ ዘመኑን በመጻፍ አሳለፈ። በ1552 ዓ.ም. ስለ ሕንድ አገሮች ጥፋት የሚተርከውን አጭር መጽሐፉን በሴቪሊያ አሳተመ። ይህ መጽሐፍ በብዙ ቋንቋ ተተረጎመ፤ የስፔን ጠላቶችም የራሳቸውን ግፍ ሸፍነው የስፔንን ብቻ ለማውገዝ ተጠቀሙበት። በመጽሐፉ የሰጣቸው የሟቾች ቁጥሮች ከመጠን በላይ የተጋነኑ መሆናቸውን የዛሬ ታሪክ ተመራማሪዎች ይናገራሉ፤ እንደ ፈንጣጣ ያሉ ተላላፊ በሽታዎች ያደረሱትን እልቂትም በሚገባ አላመዛዘነም። ነገር ግን የግፉ ዋና ታሪክ በሌሎች ምስክሮችም የጸና ነው።

ታላቁ ታሪኩ ደግሞ ሌላ ጥቅም አለው። የኮሎምበስ የመጀመሪያ ጉዞ ማስታወሻ ዋናው ቅጂ ጠፍቷል፤ ዛሬ የምናነበው አቡነ በርተሎሜዎስ ገልብጦና አሳጥሮ ያቆየልንን ነው። ስለ ተወላጆቹ ሥርዓትና ባህል የጻፈውም ሰፊ መጽሐፍ ብዙ ሕዝቦችን ከመረሳት አድኗል።

በዚህ ታሪክ ውስጥ ጸሐፊው ስለ ራሱ የሚናገረው ከሁሉ የሚበልጥ ነው። የፖርቱጋል ታሪክ ጸሐፊዎችን መጻሕፍት ሲመረምር አፍሪካውያኑ በሕጋዊ ጦርነት የተማረኩ ሳይሆኑ በአፈናና በግፍ የተያዙ መሆናቸውን ተረዳ። ያን ጊዜ ብዕሩን በራሱ ላይ አነሣ። የአፍሪካውያን ባርነት እንደ ተወላጆቹ ባርነት ሁሉ ግፍ መሆኑን ጻፈ፤ ቀድሞ የሰጠውንም ምክር አውግዞ፣ ባለማወቅ ማድረጉ በእግዚአብሔር ፍርድ ፊት ምክንያት ሊሆነው መቻሉን እንኳ እርግጠኛ አለመሆኑን በግልጽ አሰፈረ። ስሕተቱን ማንም አልጠየቀውም ነበር፤ ገጹን መቅደድም ይችል ነበር። እርሱ ግን የሌሎችን ኃጢአት በመዘገበበት መጽሐፍ የራሱንም መዘገበ።

በ1559 ዓ.ም. ድርሳኑን በቫያዶሊድ ለሚገኘው ለቅዱስ ጎርጎርዮስ ኮሌጅ በአደራ ሰጥቶ፣ አርባ ዓመት እስኪያልፍ እንዳይታተም አዘዘ። እውነት የቂም መወጫ ሳትሆን የሚመጣው ትውልድ መማሪያ እንድትሆን ፈለገ። መጽሐፉ በሙሉ የታተመው ግን ከሦስት መቶ ዓመታት በኋላ በ1875 ዓ.ም. እና በተከታዩ ዓመት ነው። አቡነ በርተሎሜዎስ በሐምሌ 18 ቀን 1566 ዓ.ም. በማድሪድ በአቶቻ እመቤታችን ገዳም ዐረፈ። ከማረፉ በፊት በነበሩት ወራት እንኳ ለርእሰ ሊቃነ ጳጳሳት ፒዮስ 5ኛ ስለ ተወላጆቹ አቤቱታ ጽፎ ነበር።

ስሙ እስካሁን በቅዱሳን መዝገብ አልተጻፈም። ለእኛ የተወው ግን ግልጽ ነው። የትምህርተ ክርስቶስ መምህር የሆነ ሁሉ ተማሪውን በማስፈራራትና በቁጣ ሳይሆን በምክንያትና በየዋህነት እንዲስብ ያስተምረዋል። ለንስሐ የሚቀርብ ምእመንም ከአፉ ቃል በፊት በእጁ ያለውን የሌላ ሰው ገንዘብ እንዲመለከት ያሳስበዋል። ለፍትሕ የሚከራከር ደግሞ ጣቱን ወደ ሌላው ከመዘርጋቱ በፊት ከራሱ መጽሐፍ ውስጥ ሊቀድደው የሚፈልገው ገጽ የትኛው እንደሆነ ይመርምር፤ ያንንም ገጽ ሳይቀድድ ያቆየው።